ባትሪውን ማን አየ?

ናዝሬት አድጎ የሕንድ ፊልም ያላየ ልጅ አለ? የእኛ ሰፈር ቪዲዮ ቤት የቆርቆሮ ነበር፤ ከቀትር በኋላ እንደ ምጣድ ይግላል። አግዳሚው ላይ ተጠባብቀን እንቀመጣለን። ሂንዲ የሚያውቅ ባይኖርም ሁላችንም አልቅሰን እንወጣለን። «ፓፒ ጉዲያ»ን ያየሁት እዚያ ነው።

ፊልሙ በ1996 እ.ኤ.አ. የወጣ ነው። ጥንቆላ የሚያውቅ፣ ልጆችን የሚያፍን ወንጀለኛ ሊሞት ሲል ነፍሱን አሻንጉሊት ውስጥ ይከታል፤ አሻንጉሊቱ የካሪሽማ ካፑር ትንሽ ወንድም እጅ ይገባል። ታሪኩ ከ1988ቱ የአሜሪካ ፊልም ከ«ቻይልድስ ፕሌይ» የተወሰደ መሆኑን ያወቅኩት ካደግኩ በኋላ ነው።

ያኔ የፈራሁት አሻንጉሊቱን ነበር። አሁን የሚያስፈራኝ ግን ሌላ ነው፦ ልጁ እውነቱን ይናገራል፣ የሚያምነው የለም።

አዋቂዎቹስ ምን አጠፉ? አሻንጉሊት ሰው አይገድልማ! ፈላስፋው ዴቪድ ሂዩም በ1748 ባሳተመው ጽሑፍ፣ አንድ ሰው ተአምር አየሁ ሲለን፣ ተአምሩ ከመፈጸሙና ሰውየው ከመሳሳቱ ወይም ከመዋሸቱ የትኛው ይበልጥ እንደሚመስል መዝኑ ይላል። በዚህ ሚዛን ልጅ ሁሌም ተሸናፊ ነው። እኛ ደግሞ ሂዩምም አላስፈለገን፤ «ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም» እንላለን።

ግቢያችን ውስጥ አንዲት የሰባት ዓመት ልጅ ነበረች። ሱቅ ስትላክ «አልሄድም፣ ሰውየው ጅብ ይሆናል» እያለች ታለቅሳለች። እኛ ልጆቹ ሳቅንባት። ትልልቆቹ «ቡዳ በልቷት ነው» ብለው ጸበል ወሰዷት። ከጸበል መልስ እዚያው ሱቅ ተላከች። «ምን አደረገሽ?» ያላት አንድም ሰው አልነበረም። የሰውየው ነገር የታወቀው ከዓመታት በኋላ፣ በሌላ ልጅ ላይ ሲደርስ ነው።

ሰውየው ጅብ አልነበረም። ልጅቷም አልዋሸችም። ለደረሰባት ነገር የነበራት ቃል እሱ ብቻ ነበር። የምንስተው እዚህ ጋ ይመስለኛል፦ ልጅ የሚሰጠንን ማብራሪያ አለማመንና ልጁን አለመስማት አንድ ነገር አይደሉም። «ጅብ» የሚለውን ባንቀበልም፣ ፍርሃቱ ከየት መጣ ብሎ መጠየቅ ይቻል ነበር። ኢትዮጵያ በ1991 እ.ኤ.አ. የተቀበለችው የሕፃናት መብቶች ስምምነት አንቀጽ 12ም፣ ልጅ በሚመለከተው ጉዳይ ላይ የመሰማት መብት እንዳለው ይናገራል።

«ቻይልድስ ፕሌይ» ላይ እናትየው መጀመሪያ ልጇን አታምነውም። አንድ ማታ ግን የአሻንጉሊቱን ካርቶን ስታነሳ ባትሪዎቹ ዱብ ይላሉ። ለካ ያ ሁሉ ወሬ ያለ ባትሪ ነበር! እውነቱን ለማወቅ በአስማት ማመን አላስፈለጋትም። አሻንጉሊቱን ገልብጦ ማየት በቂ ነበር።

የእኛም ግቢ አዋቂዎች ክፉ ሰዎች አልነበሩም፤ ልጅቷን ይወዷት ነበር፣ ጸበል ድረስ የወሰዷትም ስለሚወዷት ነው። ሱቁ ግን ሃምሳ እርምጃ አይርቅም ነበር። አንድ ሰው ከኋላዋ ሄዶ በር ላይ ቢቆም ኖሮ እላለሁ።

እኔም ሳቂዎቹ ውስጥ ነበርኩ።