የተሸፈነው ዓምድና ስውሩ ጸሐፊ

በላሊበላ ከሚገኙት 11 ፍልፍል አብያተ ክርስቲያናት አንዱ በሆነው በቤተ ማርያም ውስጥ፣ በጨርቅ የተጠቀለለ አንድ ዓምድ ቆሟል። ካህናቱ ከአበው ተቀብለው እንደሚያስረዱት፣ በዚህ ዓምድ ላይ የዓለም መጀመሪያና ፍጻሜ፣ ያለፈውና የሚመጣው ተጽፎበታል፤ ነገር ግን ምሥጢሩ ሰው ሊሸከመው ከሚችለው በላይ በመሆኑ ተሸፍኖ ይኖራል፣ መሸፈኛውን ሊገልጥ የሚደፍርም የለም። ይህን ትውፊት ምእመኑ በአንድ መንገድ፣ የታሪክ ተመራማሪው በሌላ መንገድ ይረዳው ይሆናል፤ ሁለቱም ግን ትውፊቱ የሚያነሣውን ጥያቄ ሳይመልሱ ሊያልፉት አይችሉም። ሁሉን የያዘ መዝገብ ካለ፣ መዝገቡን የማንበብ ሥልጣን የማን ነው? የሚጻፍበትስ ወገን እየተጻፈበት መሆኑን ማወቅ ይገባዋልን?

ጥያቄው በትውፊት ብቻ ተወስኖ የቀረ አይደለም። ከቤተ ማርያም ቅጥር ውጭ፣ በከተማው የሆቴል እንግዳ መቀበያዎች፣ በወረዳ ጽሕፈት ቤቶች፣ በትምህርት ቤቶችና ፎቶ ኮፒ በሚያነሡ ትንንሽ ሱቆች ውስጥ ያሉት ኮምፒውተሮች አብዛኞቹ የሚሠሩት ዊንዶውስ በተባለው የማይክሮሶፍት ኦፐሬቲንግ ሲስተም፣ ማለትም የማሽኑን አካላትና ፕሮግራሞች ሁሉ በሚያስተዳድረው ዋና ፕሮግራም ነው። በዚህ ሥርዓት ውስጥ ዲኤልኤል የሚባሉ፣ በተለምዶም ላይብረሪ የሚል ስም የተሰጣቸው ፋይሎች አሉ። ላይብረሪ ቢባሉም መጻሕፍት የሚደረደሩባቸው አይደሉም፤ ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚገለገሉባቸው የትእዛዝ ክምችቶች ናቸው። ዲኤልኤል ብቻውን ተነሥቶ አይሠራም፤ ሌላ ፕሮግራም እስኪጠራው ድረስ በዲስክ ላይ ተኝቶ ይቆያል፣ ሲጠራም ወደ ጠሪው ፕሮግራም ገብቶ እንደ ጠሪው አካል ሆኖ ያገለግላል። ከእነዚህ ፋይሎች መካከል ሥራቸው መመልከት፣ መቁጠርና መመዝገብ ብቻ የሆኑ አሉ፤ የዚህ ጽሑፍ ጉዳይም እነርሱ ናቸው።

አሠራራቸውን ቀረብ ብሎ ማየት ተገቢ ነው፤ ምክንያቱም ስለ ስውር ምርመራ በጅምላ የሚሰጥ ፍርድ ብዙ ጊዜ ነገሩን ካለማየት የሚመጣ ነው። እ.ኤ.አ. በ1993 ከወጣው ዊንዶውስ ኤንቲ ጀምሮ ሥርዓቱ የአፈጻጸም ቆጣሪ የሚባሉ መለኪያዎች አሉት። ፐርፍ ኦኤስ የተባለው ፋይል የፕሮሰሰሩንና የሚሞሪውን ሁኔታ፣ ፐርፍ ፕሮክ የእያንዳንዱን ፕሮግራም ድካም፣ ፐርፍ ዲስክ የዲስኩን፣ ፐርፍ ኔት ደግሞ የኔትወርኩን ሥራ ይቆጥራሉ፤ ፒዲኤች የተባለው ሌላ ዲኤልኤል የእነዚህን ጥሬ ቁጥሮች ተቀብሎ ሰው ሊረዳው ወደሚችል መጠን ይለውጣል። በዚህ ጥንታዊ አሠራር እያንዳንዱ ቆጣሪ ፋይል ሦስት ተግባራት ብቻ አሉት፤ እነርሱም መክፈት፣ መሰብሰብና መዝጋት ናቸው። ጠያቂ ሲመጣ ይከፍታል፣ የተጠየቀውን ይሰበስባል፣ ጠያቂው ሲሄድ ይዘጋል፤ ካልተጠየቀ አይናገርም።

ፕሮሰሰሩ ምን ያህል እንደ ሠራ የሚታወቅበት መንገድ በተለይ ልብ ሊባል ይገባዋል። ሥርዓቱ የድካሙን ጊዜ በቀጥታ አይቆጥርም፤ ፕሮሰሰሩ ሥራ አጥቶ ያረፈበትን ጊዜ ይቆጥርና ከጠቅላላው ላይ ይቀንሰዋል፣ የተረፈውም ሥራ ይባላል። ደግሞም አንድ ጊዜ ብቻ የተወሰደ ንባብ ምንም አይናገርም፤ መጠኑ የሚገኘው በሁለት የተለያዩ ጊዜያት የተወሰዱ ሁለት ንባቦች ሲነጻጸሩ ነው። ሰንበትን ያከበረ ሕዝብ፣ ሥራ በዕረፍት እንደሚለካና በአንድ እይታ ብቻ በማንም ላይ መፍረድ እንደማይቻል ለመረዳት ኮምፒውተር አያስፈልገውም፤ ይሁን እንጂ ይህ ማሽን በዚህ ረገድ የያዘው ጥንቃቄ ምስጋና የሚገባው ነው።

ቆጣሪው ወደ ጠሪው ፕሮግራም ገብቶ የሚሠራ በመሆኑ፣ ራሱ የተበላሸ እንደ ሆነ የጠራውን ፕሮግራም አብሮት ሊጥለው ይችላል። ስለዚህ ዊንዶውስ አንድ ቆጣሪ ሊከፈት ካልቻለ በክንውን መዝገቡ ላይ በ1008 ቁጥር ምልክት አድርጎ የዚያ አገልግሎት የአፈጻጸም መረጃ እንደማይገኝ ያስታውቃል። መርማሪ ከሚመረምረው ነገር ተለይቶ በሩቅ አይቆምም፤ ይነካዋል፣ ጊዜውንና ጉልበቱን ይወስድበታል፣ አንዳንዴም ራሱ ሕመም ይሆንበታል።

እስከዚህ ድረስ የተነገረው በማሽኑ ውስጥ ስለሚቀር ቁጥር ነው። ይህ ዓይነቱ ቆጣሪ በግቢ ግድግዳ ላይ እንደተሰቀለ የመብራት ቆጣሪ ነው፤ ቁጥሩን አንባቢው ሠራተኛም ያየዋል፣ የቤቱ ባለቤትም ያየዋል፣ ልዩነት ቢነሣ ሁለቱም ወደ አንዱ ቆጣሪ ይመለሳሉ። እ.ኤ.አ. በ2015 ዊንዶውስ 10 ሲወጣ በሰፊው መነጋገሪያ የሆነው ግን ሌላ ዓይነት ነው። ዲያግትራክ በተባለ ዲኤልኤል የሚሠራው አገልግሎት የማሽኑን ዓይነት፣ የፕሮግራሞችን መውደቅ፣ የዝማኔዎችን መሳካትና አለመሳካት፣ እንደ ተፈቀደለት መጠንም ተጠቃሚው ፕሮግራሞችን እንዴት እንደሚጠቀም መዝግቦ በኢንተርኔት ወደ ማይክሮሶፍት ይልካል። ኩባንያው መረጃውን ግዴታ የሆነና በፈቃድ የሚሰጥ ብሎ ለሁለት ከፍሎታል፤ ግዴታ የተባለውን ግን በቤት ውስጥ የሚሠራበት የዊንዶውስ እትም ባለቤት ከማስተካከያው ገጽ ሙሉ በሙሉ ሊያጠፋው አይችልም። የፈረንሳይ የመረጃ ጥበቃ ባለሥልጣን እ.ኤ.አ. በ2016 የሚሰበሰበው ከሚገባው በላይ ነው ብሎ ኩባንያውን አስጠንቅቋል፤ ኩባንያውም ማሻሻያ ካደረገ በኋላ ጉዳዩ እ.ኤ.አ. በ2017 ተዘግቷል። እ.ኤ.አ. በ2018 ደግሞ ተጠቃሚው ከማሽኑ የሚላከውን መረጃ የሚያይበት መመልከቻ ቀርቧል። ይሁን እንጂ መመልከቻው ለብቻው የሚወርድና የሚከፈት ነው፤ ተመልካቹ ከሚያየውም አብዛኛው ለባለሙያ እንጂ ለተራ ሰው የማይገባ ጽሑፍ ነው።

እዚህ ላይ የአማርኛ ቋንቋ ራሱ አስተማሪ ይሆናል። ምርመራ የሚለው ቃል ለሐኪሙም፣ ለፖሊሱም፣ ራሱን ለሚመረምር ሰውም ያገለግላል፤ ሦስቱም ድርጊቶች ግን በአንድ ግሥ ቢጠሩም የተለያየ ባለቤት አላቸው። ሐኪም የሚመረምረው ለታማሚው ሲል ነው፤ ፖሊስ የሚመረምረው ለሕግ፣ አንዳንዴም በተመርማሪው ላይ ነው፤ ራሱን የሚመረምር ሰው ግን መርማሪም ተመርማሪም ራሱ ነው። ማይክሮሶፍት ለመረጃው የሰጠው፣ የምርመራ (ዲያግኖስቲክ) መረጃ የሚለው ስም ከሦስቱ ከመጀመሪያው፣ ከሐኪሙ ቤት የተወሰደ ነው። ስሙ ተገቢ መሆኑ የሚታወቀውም በሐኪሙ ቤት መለኪያ ሲፈተን ነው፤ ይኸውም የተመረመረው ሰው ምን እንደተገኘበት ይነገረዋል ወይ፣ መድኃኒቱስ ወደ እርሱ ይመለሳል ወይ ብሎ በመጠየቅ ነው። ለዚህ ጥያቄ ፍትሐዊው መልስ፣ በከፊል አዎን የሚል ነው፤ አንድ ዝማኔ በብዙ ማሽኖች ላይ ብልሽት ሲያመጣ ቶሎ የሚታወቀውና የሚታረመው በዚህ መረጃ አማካይነት ነውና፣ ላሊበላ በምትገኝበት በላስታ ያለውም ኮምፒውተር ከዚህ ጥቅም ድርሻ አለው።

የቤተ ክርስቲያን የንስሐ ሥርዓት ግን ከሐኪሙ ቤት ያለፈ መለኪያ ያቀርባል። በንስሐ ውስጥ የተሰወረውን የሚገልጠው ራሱ ተነሳሒው ነው፤ የንስሐ አባቱ የነገሩትን ይሰማል እንጂ ያልነገሩትን ሰርስሮ አይገባም። የሰማውንም ለሌላ እንዳይገልጥ ታስሯል፣ ቀኖናውም የሚሰጠው ለተናዛዡ ነፍስ እንጂ ለሌላ ወገን ጥቅም አይደለም። ከሁሉ በላይ ንስሐ በውክልና አይሆንም፤ አባት ስለ ልጁ፣ ባልም ስለ ሚስቱ ሊናዘዝ አይችልም። በላስታም ሆነ በአዲስ አበባ የኮምፒውተር አጠቃቀም ሲታይ የሚጎድለው ይህ የመጨረሻው ነው። ዊንዶውስ ሲጫን ስለ መረጃ መሰብሰብ የሚጠይቀው ገጽ የሚቀርበው አንድ ጊዜ፣ ብዙውን ጊዜም በእንግሊዝኛ ነው፤ መልሱን የሚሰጠው ደግሞ የጥገና ባለሙያው ነው፣ እርሱም ሥራውን ለመጨረስ ሲቸኩል ቀጥል የሚለውን እየተጫነ ያልፋል። ከዚያ በኋላ በዚያ ማሽን ላይ ማመልከቻ የምታስጽፈው እናት፣ ፈተና የሚመዘግበው መምህር፣ ውጤቱን ለማየት የመጣው ተማሪ ሁሉ በማያውቁት ሰው ፈቃድ ፈቃደኞች ሆነው ይቆጠራሉ። አንድ ማሽን ለአንድ ሰው በሆነበት አገር የተነደፈ የፈቃድ ሥርዓት፣ አንድ ማሽን ለመንደር በሆነበት አገር ትርጉሙን ያጣል።

ሁሉን የሚያይ አምላክ መኖሩን የሚያምን ሰው፣ ከእርሱ በታች ላለ መዝጋቢ ለምን ይጨነቃል የሚል ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። ከሰው ጋር የሚሄድ ጠባቂ መልአክ እንዳለና ሥራው ሁሉ እንደሚጻፍ ማመን በኢትዮጵያ ምእመናን ዘንድ የታወቀ ነው፤ ታዲያ ለተጻፈ ሰው አንድ ጸሐፊ ቢጨመርበት ምን ልዩነት አለው ይባላል። ለዚህ መልስ የሚሆን ጥልቅ ነገር በመጽሐፈ ሄኖክ ውስጥ አለ፤ ይህ መጽሐፍ ሙሉው ተጠብቆ የተገኘው በግእዝ ብቻ ሲሆን፣ የኢትዮጵያ ኦርቶዶክስ ተዋሕዶ ቤተ ክርስቲያንም ከቅዱሳት መጻሕፍት ትቈጥረዋለች። በሁለተኛው የሕልም ራእዩ ሄኖክ የሕዝቡን ታሪክ በበጎች ምሳሌ ያያል፤ በጎቹ ለ70 እረኞች ተላልፈው ይሰጣሉ፣ እያንዳንዱም እረኛ ስንት በግ እንዲያጠፋ እንደተፈቀደለት በቁጥር ይነገረዋል። ከዚያም የበጎቹ ጌታ ሌላ አንድ ጸሐፊ ይሾማል፤ ይህ ጸሐፊ እረኞቹ ከታዘዙት በላይ ያጠፉትን ሁሉ በየስማቸው እንዲጽፍ፣ ነገር ግን ለእነርሱ እንዳይነግራቸውና እንዳይገሥጻቸው ይታዘዛል።

ይህ በእርግጥ ስውር መዝገብ ነው፣ የሚመዘገብበት ወገንም አያውቀውም። ሆኖም መዝገቡ የሚጻፈው በማን ላይ እንደሆነ ማስተዋል ያስፈልጋል። ጸሐፊው የተሾመው ኃይል ባላቸው በእረኞቹ ላይ ነው፤ በጎቹ አይቆጠርባቸውም፣ ይልቁንም የሚቆጠርላቸው እነርሱ ናቸው። መጽሐፉም በበጎቹ ጌታ ፊት ተነብቦ ይታተማል። የዘመናችን የምርመራ ፋይል በአንጻሩ በበጎቹ መካከል ተቀምጦ የበጎቹን እርምጃ ለእረኛው ይጽፋል፤ እረኛው በበጎቹ መረጃ ምን እንደሠራ የሚጽፍ ጸሐፊ ግን በመንጋው ውስጥ የለም። ሁለቱ ስውርነቶች በመልክ ቢመሳሰሉም በአቅጣጫ ተቃራኒ ናቸው፤ የእግዚአብሔርን ማየት የኩባንያን ማየት ለማጽደቅ ማቅረብም ይህን አቅጣጫ መርሳት ነው።

ላሊበላ ራሷ ምርመራን ከተመርማሪው ለይቶ የማስቀመጥን ዋጋ በድንጋይ ላይ አይታዋለች። እ.ኤ.አ. በ2008 በአውሮፓ ኅብረት ገንዘብ፣ የተሰነጠቁትንና በዝናብ የሚጎዱትን አብያተ ክርስቲያናት ለመጠበቅ በአምስቱ ላይ አራት ትላልቅ ክዳኖች ለጊዜው ተብለው ተተከሉ። ሐሳቡ መልካም ነበር፤ ጉዳቱም በእርግጥ ነበረ። ከ10 ዓመት በኋላ ግን ነዋሪዎቹ ክዳኖቹ በክብደታቸው ወይም በመውደቅ ቅርሱን እንዳይጎዱ ሠግተው አደባባይ ወጡ፤ በየቀኑ በዚያ የሚቀድሱት፣ ጠዋት ጠዋት ግድግዳውን የሚሳለሙት ሰዎች ስለ ስንጥቁ የሚያውቁት ከሩቅ ከመጡት ባለሙያዎች መለኪያ የሚያንስ ተደርጎ መታየቱ አሳዝኗቸው ሊሆን ይችላል። መለኪያው አስፈላጊ ነው፤ ያለ እርሱ ድንጋዩ ውስጥ ለውስጥ ሲላላ የሚታወቅበት መንገድ የለም። ነገር ግን ንባቡ በቤቱ ባለቤት እጅና በባለቤቱ ቋንቋ መግባት ነበረበት።

በኢትዮጵያ ሕግ ረገድ መንገዱ ተጀምሯል። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 26 የግል ሕይወት ነጻነትን ያረጋግጣል፤ በ2016 ዓ.ም. የወጣው የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321 ደግሞ የግል መረጃ የሚሰበሰብበትንና የሚያዝበትን ሁኔታ በሕግ ይገድባል። አዋጅ ግን ወደ ሱቁ ጠረጴዛ የሚደርሰው በባለሙያው እጅ ነው። ማሽን የሚጭን ሰው ያንን ገጽ ለባለቤቱ በአማርኛ ቢያነብለትና መልሱን ከእርሱ ቢጠብቅ የሚፈጅበት ጥቂት ደቂቃ ነው፤ የጋራ በሆነ ማሽን ላይ ደግሞ በፈቃድ የሚሰጠውን ክፍል ዘግቶ መስጠት የሙያው ሥነ ምግባር ሊሆን ይገባል።

በ2015 ዓ.ም. ክረምት በአማራ ክልል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለወራት ሲቆይ፣ በላስታ ኮምፒውተሮች ውስጥ ያሉት መዝጋቢዎች ሥራቸውን አላቆሙም። መላክ ያልተቻለው መረጃ ቦታው እስከፈቀደ ድረስ በዲስኩ ላይ ይጠራቀማል። በእነዚያ ወራት መዝገቡ ከማንም ዐይን ተሸፍኖ፣ ከባለቤቱም ከኩባንያውም ተሰውሮ፣ በዚያው ደጋ ላይ እንዳለው ዓምድ ሳይነበብ ቆየ፤ መሥመሩ በተመለሰ ጊዜ ግን ዓምዱ እንደ ተሸፈነ ሲቀር፣ መዝገቡ ባለቤቱን ሳይጠይቅ ጉዞውን ቀጠለ።