በአንዲት ፊደል የተንጠለጠለ እረኛ

ድህነት ማስረጃ ይፈልጋል ወይ? ጥያቄው ቀልድ ይመስላል። ድሃ ድሃ ነው፣ ጫማውን ማየት ይበቃል የምንል እንኖራለን። መንግሥት ግን ጫማ አያይም፤ የሚያየው ወረቀት ነው። ወረቀቱ ደግሞ ብዙ ጊዜ «ምን አጣህ?» ብሎ አይጠይቅም፤ «የማን ወገን ነህ? ስምህስ ማነው?» ነው የሚለው። እነዚህ ሁለት ጥያቄዎች አንድ አይደሉም። አንድ አለመሆናቸውን ለማየት ደግሞ ከህንድ እረኞች ታሪክ የተሻለ ምሳሌ አላገኘሁም።

መቼም ብዙዎቻችን ህንድን የምናውቃት በፊልሟ ነው፤ ዕድሜ የገፋን ደግሞ ሒሳብና ፊዚክስ ባስተማሩን መምህራኖቿ። በፊልሙ ላይ እረኛ ካለ ዋሽንቱን ይዞ ዛፍ ሥር የተቀመጠ ነው። እኔ የማወራላችሁ ዳንጋር የሚባሉት እረኞች ግን ዛፍ ሥር የሚቀመጡበት ጊዜም የላቸው፣ ዛፉም የእነሱ አይደለም።

ማሃራሽትራ የምትባለውን የምዕራብ ህንድ ግዛት በካርታ ላይ ፈልጉልኝ፤ ሙምባይ ያለችበት ናት። ከባሕሩ ዳር ኮንካን የሚባል ጠባብ ቆላ አለ። ከእሱ ቀጥሎ ተራራ ነው፤ ከተራራው ጀርባ የዴካን አምባ ይዘረጋል። ከባሕር የሚመጣው ዝናብ ኮንካንን አጥለቅልቆ፣ ተራራው ላይ ተራግፎ፣ ወደ አምባው ሲሻገር የተረፈው ጥቂት ነው። የብዙ ዳንጋሮች ቀዬ እዚህ ከተራራው ጀርባ ነው፤ እርሻው በዝናብ ዕድል የሚኖር፣ ለበግ ግን የሚሆን አገር። ሁሉም እረኛ ነው ማለቴ አይደለም። መሬት ይዞ የሚያርሰው፣ ከተማ ገብቶ ቀን ሥራ የሚሠራው፣ ተራራ ላይ ጎሽ የሚያረባው ብዙ ነው። ስማቸውን የሰጣቸው ግን በጉ ነው።

ክረምቱ አልፎ የዲዋሊ በዓል ሲደርስ፣ በጥቅምት ወይም በኅዳር መጀመሪያ መሆኑ ነው፣ እረኞቹ ቤታቸውን ዘግተው ይነሳሉ። ድስቱ፣ ዱቄቱ፣ ገና መሄድ ያልጀመረው ሕፃን፣ ዶሮዋ ሳትቀር በፈረስ ትጫናለች። ውሾቹ ከፊትና ከኋላ። ተራራውን አቋርጠው ወደ ኮንካን ይወርዳሉ፤ እዚያ ሩዝ ታጭዶ ማሳው ባዶ ሆኗል። በሰኔ ትልቁ ዝናብ ሳይጀምር ደግሞ መመለስ አለባቸው፤ በጉ የኮንካንን ጭቃና ርጥበት አይችልም። ከዓመቱ ግማሽ የሚበልጠውን በሰው ማሳ ላይ ነው የሚያሳልፉት።

በሰው ማሳ ላይ እንዴት ይታደራል? አስገራሚው ነገር ይሄ ነው። ባለ ማሳው አያባርራቸውም፤ እንዲያውም ይጠራቸዋል። በጎቹ አዝመራው በተነሳበት መሬት ላይ ያድራሉ፤ በጠጡና ሽንቱ መሬቱን ያለማል። ለዚህም ገበሬው በሌሊቱ ልክ እህል ይሰፍራል ወይም ገንዘብ ይከፍላል። በጉ ስንት ነው? ስንት ሌሊት ያድራል? ዋጋው ይቆረጣል፣ አለቀ። እረኛው መሬት የለውም፤ መሬት ያለው ሰው ግን ያለ እሱ ምርቱ ያንሳል። ማንም ለማንም ምጽዋት አልሰጠም።

ይህን ስጽፍ ያለፈውን ዘመን እያሳመርኩ እንዳይመስላችሁ። በጉ ያልታጨደ ማሳ ከገባ ዱላ አለ። የፋብሪካ ማዳበሪያ በጆንያ መምጣት ከጀመረ ወዲህ የበጠጥ ዋጋ ወርዷል። መስኖ የገባበት መሬት በዓመት ሁለት ሦስቴ ስለሚዘራ ባዶ የሚያድር ማሳ ጠፋ። ደን ጠባቂውም በበኩሉ አጥሩን ዘጋ። ሱፉም ቢሆን እንደ ድሮው አይደለም። ከጥቁሩ የዴካን በግ ጸጉር ጎንጋዲ የሚባል ሸካራ ብርድ ልብስ ይሠራል፤ የመንዝን ባና ያየ ሰው ዘመዱን ያገኘ ይመስለዋል። ለእረኛው ካፖርቱም፣ ምንጣፉም፣ የዝናብ መከላከያውም እሱ ነበር። አሁን ርካሹ የፋብሪካ ብርድ ልብስ ገበያውን ወስዶበታል።

እንግዲህ እነዚህ ሰዎች በኅብረተሰቡ መካከል ስፍራቸው የት ነው? ለዚህ መልስ የሚሰጠኝ ከሕግ መጽሐፍ ይልቅ አንድ ኮረብታ ነው። ጀጁሪ ይባላል፤ ከፑኔ ከተማ ብዙም አይርቅም። በላዩ የካንዶባ ቤተ መቅደስ አለ። በበዓል ቀን ምእመናኑ እርድ እየዘገኑ ስለሚበትኑ ደረጃው፣ ግድግዳው፣ የሰዉ ጸጉር ሁሉ ቢጫ ይሆናል። ካንዶባን የሚያመልኩት ዳንጋሮች ብቻ አይደሉም፤ ገበሬውም፣ ነጋዴውም፣ ባላባቱም የኔ ይለዋል፤ ከሙስሊሞችም የሚያከብሩት አሉ። ከሚስቶቹ ዋነኞቹ ሁለት ናቸው። የመጀመሪያዋ ምሃልሳ የነጋዴ ልጅ ናት፤ ሁለተኛዋ ባናይ የዳንጋር እረኛ። ባናይን ለማግኘት አምላክ ራሱ ምስኪን ሰው መስሎ በግ ጠባቂ ሆኖ ተቀጠረ ይላል ተረቱ። ልብ በሉ፣ እረኛዋ ወደ አምላኩ አልወጣችም፤ እሱ ነው ወደ ጉረኖዋ የወረደው!

ጣውንቶቹ ግን አልተስማሙም። ምሃልሳ ባናይን በእረኝነቷ ትንቃታለች፣ ባናይም መልስ አታጣም፤ ይህ ጠባቸው ለሕዝቡ የዘፈን ምንጭ ሆኗል። ጉንተር ሶንትሃይመር የተባለው ጀርመናዊ ምሁር ከእረኞቹ ዘንድ እየሄደ እንዲህ ያለውን ቃል ግጥም ሲሰበስብ ኖሯል። የሚያሳስበኝ ግን የቤታቸው አቀማመጥ ነው። ምሃልሳ ኮረብታው አናት ላይ ከባሏ ጋር ናት። የባናይ መቅደስ ያለው ደረጃው አጋማሽ ላይ ነው። ተወዳጅ ሚስት ናት፤ ደጅ ግን አልቀረችም፣ ውስጥም አልገባች። የዳንጋርን ኑሮ ከዚህ በተሻለ የገለጸ ጥናት አላየሁም።

ታሪካቸውም እንዲሁ አጋማሽ ላይ ነው። ማልሃር ራኦ ሆልካር ከእረኛ ቤተሰብ ተወልዶ በማራታ ጦር ውስጥ ስም ያወጣ፣ ማዕከላዊ ህንድ ውስጥ የራሱን ሥርወ መንግሥት ያቆመ ሰው ነው። የልጁ ሚስት አሂልያባይ እ.ኤ.አ. በ1725 ቾንዲ በምትባል መንደር ተወለደች። ባሏ በ1754 በጦርነት ሞተ፣ አማቷ በ1766፣ አንድ ልጇ በ1767። ሌላ ሴት ብትሆን በሐዘን ቤት ትቀር ነበር፤ እሷ ግን በናርማዳ ወንዝ ዳር ማሄሽዋር ተቀምጣ እስከ 1795 ገዛች። በየቀኑ ችሎት ተቀምጣ አቤቱታ ትሰማ ነበር። በቫራናሲ ያለውን ታላቁን የካሺ ቪሽዋናት መቅደስ ያሠራችውም እሷ ናት። በ2024 የትውልድ አውራጃዋ ስም በእሷ ስም ተለውጧል። ዳንጋር ቤት ገብታችሁ ሥዕሏን ብታዩ አይግረማችሁ።

አሁን ወደ ወረቀቱ እንምጣ። ነጻ ህንድ ለዘመናት የተገፉትን ለመካስ ዝርዝር አወጣች። በ1950 በወጣው ትእዛዝ መሠረት በነገድነት የተመዘገበ ሕዝብ በትምህርት ቤት፣ በመንግሥት ሥራና በምክር ቤት ወንበር ድርሻ አለው። በማሃራሽትራ የእነዚህ ነገዶች የሥራና የትምህርት ድርሻ 7 በመቶ ነው። ዳንጋሮች እዚያ ውስጥ የሉም፤ «ዘላኖች» ከሚባሉት ዘንድ ተመድበው 3.5 በመቶ ተሰጥቷቸዋል። ነገር ግን በነገዶቹ ዝርዝር ላይ «ዳንጋድ» የሚል ስም ተጽፏል። ዳንጋሮቹ ይህ እኛ ነን፣ ጸሐፊው «ር»ን በ«ድ» ቀይሮብን ነው ይላሉ። የህንድ ቋንቋዎች ውስጥ ምላስን አጥፎ የሚነገር ድምፅ አለ፤ በላቲን ፊደል ሲጻፍ አንዳንዴ «ር»፣ አንዳንዴ «ድ» ይሆናል። ሌሎች ደግሞ ዳንጋድ ኦራኦን የሚባለው የሌላ ነገድ ስም ነው፣ እናንተን አይመለከትም ይሏቸዋል።

በ2014 የረሃብ አድማ አደረጉ፤ ምርጫ ስለነበር ተስፋ የሰጣቸው ፖለቲከኛ አልጠፋም። በየካቲት 2024 የቦምቤ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አቤቱታቸውን ውድቅ አደረገ። ዝርዝሩን ሊለውጥ የሚችለው የአገሪቱ ፓርላማ ነው፤ ዳኛ እንደተጻፈ ያነበዋል እንጂ ፊደል አያርምም።

ፊደሉ ቢታረም እንኳን ሌላ ጣጣ አለ። አንድን ሕዝብ ነገድ ለማለት መንግሥት የሚመለከታቸው፣ በ1965 የሎኩር ኮሚቴ ያስቀመጣቸው መለኪያዎች አሉ፤ ጥንታዊ የአኗኗር ምልክት፣ የተለየ ባህል፣ ከሌላው ተነጥሎ መኖር፣ ከሌላው ሰው ጋር መገናኘትን መፍራት፣ ኋላ ቀርነት። እስቲ አስቡት። ዓመቱን ሙሉ ከማያውቀው ገበሬ ጋር ሲደራደር የሚኖር፣ ገበያ ወጥቶ ጠቦት የሚሸጥ ሰው «ሰው እፈራለሁ» ብሎ ማስረጃ ሊያቀርብ ነው። የንግሥት ወገን ነኝ እያለ በአደባባይ የዘመረው ሰው በማግስቱ ቢሮ ገብቶ «ኋላ ቀር ነኝ፣ መዝግቡኝ» ይላል። የሚስቁባቸው አሉ። እኔ ግን አልስቅም። አያቱ ጀግና የነበረ ሰው ልጁ ሊራብ ይችላል፤ ሁለቱም እውነት ነው። ቅሌቱ ያለው ከሁለቱ አንዱን ካልካድክ እንጀራ የለህም በሚለው ቅጽ ላይ ነው።

በሌላ በኩል ያሉትን ደግሞ ስሟቸው። በጥቅምት 2024 የማሃራሽትራ ምክር ቤት ምክትል አፈ ጉባኤ ናርሃሪ ዚርዋል፣ ራሱ ከነገዶቹ የተወለደ ሰው፣ ሙምባይ ካለው የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሦስተኛ ፎቅ ዘሎ ወረደ። ራሳቸውን የሚወረውሩ ሰዎችን ለማዳን የተዘረጋ መረብ ስለነበር ተረፈ። ሌሎች የምክር ቤት አባላትም አብረውት ዘለዋል። ጥያቄያቸው ዳንጋሮች ወደ ዝርዝራችን አይግቡብን የሚል ነበር። ምክትል አፈ ጉባኤ ከፎቅ ሲዘል አስቂኝ ይመስላል፤ የፈራው ነገር ግን አያስቅም። ደን ውስጥ የሚኖረው ነገድ ከሰባቱ እጅ ላይ እልፍ ዳንጋር ቢጨመርበት የሚደርሰው ምንድነው? ከታላላቆቹ ቤት ማዕድ ቁራሽ አልተነሳም፤ እረኛውና የደኑ ሰው ናቸው በአንድ ሳህን ላይ የተፋጠጡት።

ሕግ ያጠና አንድ ወዳጄን ይህን ነገር አንስቼበት ተከራከርን። «ስምን ትተን ችግርን ብቻ እንለካ ካልክ» አለኝ፣ «በስሙ ምክንያት የተገፋውን ሰው በምን ትክሰዋለህ? ድሃ ነጋዴና ድሃ እረኛ አንድ ዓይነት ድሃ አይደሉም። አንዱ ገንዘብ ነው ያጣው፤ ሌላው ደጁ ላይ እንዲቆም የተደረገው ገና ሳይወለድ ነው።» እውነቱን ነው። የባናይን መቅደስ አጋማሽ ላይ ያስቀረው ድህነቷ አይደለም፤ የአምላክ ሚስት ሆናም ወደ ላይ አልወጣችም። ስም የጎዳውን በስም መካስ ተገቢ ነው ማለት ይቻላል። ችግሩ፣ አልኩት፣ ስሙ አንዴ ከተጻፈ በኋላ ሰውየውን መመልከት መቅረቱ ነው። መንግሥት የ1950ን ጸሐፊ እጅ ጽሕፈት እየመረመረ፣ ማሳ ላይ ስለምታድረው እናትና በዓመቱ አጋማሽ ከክፍሏ ስለምትወጣው ልጇ አልጠየቀም። ገበሬው እንኳን በጉንና ሌሊቱን ይቆጥራል!

ወዳጄ ሳቀ። «ይኸውልህ፣ እሱም ተሞክሯል» አለኝ። በእርግጥም በ2019 የማሃራሽትራ መንግሥት ዝርዝሩን ሳይነካ፣ ለነገዶቹ ከሚደረገው ጋር የሚመሳሰል የእርዳታ ፕሮግራም ለዳንጋሮች አውጆ ነበር። እኔ እንዳልኩት መሆኑ ነው፤ ስሙ ቀርቶ ችግሩ ታየ። ዳንጋሮቹ ግን ሰልፉን አልተዉም። ለምን? ስግብግብነት ነው የሚል ይኖራል። እኔ ሳስበው ግን ፕሮግራሙን የሰጠው ካቢኔ ነው፤ የሚቀጥለው ካቢኔ ያነሳዋል። ዝርዝሩ ግን በሕገ መንግሥቱ የቆመ ነው፣ ማንም ምርጫ ያሸነፈ ሰው አይሰርዘውም። ከሰው ማሳ ላይ በባለ ማሳው ፈቃድ ሲያድር የኖረ ሰው የዚህ ልዩነት አይጠፋውም። ነገ ና ተባለ፣ ከነገ ወዲያ ሂድ ተባለ፤ ዕድሜውን ሙሉ የሚያውቀው ይህንን ነው።