ሲያልቅ ስንት ይሆናል?

ባንክ ቤት ገብተን ስለ ቤት ብድር ስንነጋገር እኔ የጠየቅኩት አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ «በወር ስንት ይደርስብናል?» የብድር ክፍሏ ሠራተኛ ኮምፒውተሯን አየት አድርጋ «55,650 ብር» አለችን። ከእጮኛዬ ጋር ተያየን። የሁለታችን ደሞዝ ተደምሮ፣ ቀበቶ ጠበቅ ተደርጎ፣ ይቻላል። ልነሳ ስል እጮኛዬ «ሲያልቅስ ስንት ይሆናል?» አለች። ሠራተኛዋ ፈገግ ብላ «እሱን ብዙ ሰው አይጠይቀንም» አለችና ሌላ ወረቀት አቀበለችን።

እውነቱን ለመናገር አፈርኩ። ምህንድስና ነው የተማርኩት፤ እንጀራዬ ሶፍትዌር መሥራት ነው። መሥሪያ ቤት ውስጥ አንድ ሰርቨር በወር ይህን ያህል ዶላር ያስከፍላል ሲባል «በዓመትስ? ተጠቃሚው ሲበዛስ?» ብዬ ሰው የማፋጥጠው እኔው ነኝ። የሕይወቴን ትልቁን ውል ልፈርም ስል ግን የወሩን ብቻ ጠይቄ ልወጣ ነበር።

ማታ ላፕቶፔን ከፈትኩ። ሃያ መስመር የማይሞላ ኮድ ነው፤ 240 ጊዜ የሚዞር አንድ ሉፕ። ብድሩ 4,000,000 ብር፣ ወለዱ በዓመት 16 በመቶ፣ ጊዜው 20 ዓመት። መጨረሻ ላይ የወጣው ቁጥር 13,356,000 ነው። ኮዴ ላይ ስህተት ያለ መስሎኝ ደግሜ አየሁት፤ የለም። 4 ሚሊዮን ብር ተበድሬ 9,356,000 ብር ወለድ እከፍላለሁ ማለት ነው። ከኪሳችን የምናዋጣው ቅድሚያ ክፍያ ገና አልተቆጠረም።

ከድምሩ ይልቅ ያስደነገጠኝ ግን የየወሩ ዝርዝር ነበር። በመጀመሪያው ወር ከምከፍለው 55,650 ብር ውስጥ 53,333ቱ ወለድ ነው። ዕዳዬን የሚቀንሰው 2,317 ብር ብቻ። 10 ዓመት ሙሉ አንድ ወር ሳላጓድል 6,678,000 ብር ከፍዬ ዋናው ብድር የሚቀንሰው በ678,000 ብር ገደማ ነው፤ ከ3.3 ሚሊዮን ብር በላይ ገና አንገቴ ላይ ነው። የብድሩ ግማሽ የሚያልቀው 16ኛው ዓመት ሊሞላ ሲል ነው። ያኔ ዛሬ ያልተወለደ ልጄ ሁለተኛ ደረጃ ይገባል።

ማንም አላጭበረበረኝም። ወለድ የሚሰላው በቀረው ዕዳ ላይ ነው፤ መጀመሪያ ላይ ዕዳው ሙሉ ስለሆነ ወለዱም ሙሉ ነው። ሒሳቡ ትክክል ነው። የወሩ ክፍያ እንዲቀል ጊዜው ረዘመ፤ ጊዜው ሲረዝም ደግሞ ወለዱ አብሮ ረዘመ። በተቃራኒው፣ ውሉ ከፈቀደልኝና በየወሩ 5,000 ብር ብቻ ብጨምር፣ ብድሩ በ13 ዓመት ከ4 ወር ያልቃል፤ ከ3.6 ሚሊዮን ብር በላይም ይተርፈኛል። 5,000 ብር ዛሬ አዲስ አበባ ውስጥ ጥቂት ጊዜ ውጭ በልቶ መምጫ ነው። ያ ገንዘብ ስድስት ዓመት ከስምንት ወር ይገዛል ብሎ ማን ነገረን?

እሺ፣ እንግዲህ የቤቱ እውነተኛ ዋጋ 13 ሚሊዮን ነው ማለት ነው? እዚህ ላይ ነው ነገሩ ከኮድ የወጣብኝ።

የዛሬ 20 ዓመት የምከፍለው 55,650 ብር የዛሬው 55,650 ብር አይሆንም። ሐምሌ 2016 ላይ ብሔራዊ ባንክ የምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ሲለቅ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን ተሻገረ። በ2014 ዓ.ም. ዓመታዊው የዋጋ ንረት ከ30 በመቶ ያለፈባቸው ወራት ነበሩ። እንዲህ ባለ ሀገር የተበደረ ሰው ዕዳው በየዓመቱ እያነሰለት ይሄዳል። የዋጋ ንረቱ በአማካይ ከወለዱ ጋር እኩል ቢሮጥ፣ ያ 13 ሚሊዮን በዛሬ ብር ሲመነዘር ያው 4 ሚሊዮን ነው። ንረቱ ከወለዱ ከበለጠማ ያተረፍኩት እኔ ነኝ። ጓደኞቼ «ዝም ብለህ ተበደር፣ ብሩ ራሱ ይቀልልሃል» የሚሉኝ ይህን ይዘው ነው። ደሞዜ ከንረቱ ጋር አብሮ ከሮጠና ባንኩ ወለዱን መሀል ላይ ካልጨመረ፣ ልክ ናቸው።

ግን እኔ ካተረፍኩ የከሰረው ማነው?

እናቴ የባንክ ደብተር አላት። በ2005 ዓ.ም. ለ20/80 ኮንዶሚኒየም ተመዝግባ ከጉሊት ንግዷ ከሚተርፈው እያጠራቀመች፣ ዕጣው እስኪደርሳት እየጠበቀች ነው። እስካሁን አልደረሳትም። ከ2010 ዓ.ም. ጀምሮ የቁጠባ ወለድ ዝቅተኛው ጣሪያ ሳይሆን ወለሉ 7 በመቶ ነው፤ እናቴ የምታገኘውም ያችኑ ነው። ንረቱ 30 በመቶ በሆነበት ዓመት 100,000 ብር ያስቀመጠች ሴት በዓመቱ 107,000 ብር ታወጣለች፤ ያ ብር የሚገዛላት ግን ዓመት በፊት 82,000 ብር ይገዛ የነበረውን ነው። የቀረው የት ሄደ? ባንክ የሚያበድረው ብር ከሰማይ አይወርድም፤ አብዛኛው ከእንዲህ ዓይነት ደብተር ነው የሚመጣው። ብሩ ረክሶ ብድሬ ሲቀልልኝ፣ ያቀለለልኝ የእናቴ ብር መርከስ ነው። ተበዳሪ ብልጥ ሲሆን የሚበላው ቆጣቢውን ነው፤ ቆጣቢዋ ደግሞ ለመበደር የሚበቃ ገቢ የሌላት ሴት ናት።

ስለዚህ የቤቴን ዋጋ ስደምር፣ የራሴን ብቻ መደመር ልክ አልመሰለኝም።

ወለድ የሚለውን ቃል ልብ ብላችሁት ታውቃላችሁ? ከ«ወለደ» ነው የመጣው፤ ብር ብርን ወለደ። የሚገርመው ጥንታዊ ግሪኮችም ወለድን የሚጠሩት ልጅ ወይም ዘር በሚለው ቃል ነበር። አርስቶትል «ፖለቲካ» በተባለው ሥራው ይህንኑ ይዞ ይከራከራል፤ ገንዘብ የተፈጠረው ለመለዋወጫ ነው፣ ገንዘብ ገንዘብን እንዲወልድ ማድረግ ከተፈጥሮ መውጣት ነው ይላል። እኛም ለወለድ ሁለት ስም አለን። ባንክ ሲወስደው ወለድ፣ ጎረቤት ሲወስደው አራጣ። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በተዋዋዮች መካከል ያለ ብድር በዓመት ከ12 በመቶ የበለጠ ወለድ እንዳይታሰርበት ይከለክላል፤ ባንኮች የሚተዳደሩት በሌላ ደንብ ነው። ጎረቤቴ በ16 በመቶ ቢያበድረኝ ሰፈሩ በክፉ ያነሳዋል፤ ባንኩ በ16 በመቶ ሲያበድረኝ ደግሞ እንኳን ደስ አለህ እባላለሁ።

ይህን ስል ባንክ ሁሉ አራጣ አበዳሪ ነው ለማለት አይደለም። ባንኩ ሠራተኛ ይከፍላል፣ የማይመለስ ብድር ይችላል፣ የሃያ ዓመት አደጋ ይሸከማል። ደግሞም ሌላ መንገድ እያደገ ነው። ዘምዘም ባንክ በ2013 ዓ.ም. ሥራ ሲጀምር ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ የሆነ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ባንክ ነበር። ሙራባሃ በሚባለው አሠራር ባንኩ ንብረቱን ይገዛና ትርፉን ጨምሮ በተቆረጠ ዋጋ ይሸጥልሃል። ብዙዎች «ያው ነው፣ ስሙ ነው የተቀየረው» ይላሉ፤ የወሩ ክፍያም ተቀራራቢ ሊሆን ይችላል። እኔን የማረከኝ ግን አንድ ነገር ነው፤ የመጨረሻው ድምር ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ውሉ ላይ ይጻፋል። የእጮኛዬ ጥያቄ ሳይጠየቅ ይመለሳል።

ሌላም የማይደመር ዋጋ አለ። ዛሬ 28 ዓመቴ ነው። የመጨረሻውን ክፍያ የሚከፍለው ሰው 48 ዓመቱ ነው። ያን ሰው አላውቀውም። ጤነኛ ይሁን አይሁን፣ ሥራው ይኑር አይኑር፣ እዚህ ከተማ ይኑር አይኑር አላውቅም። ሳላማክረው ግን ፈረምኩለት። ዴሪክ ፓርፊት የተባለው እንግሊዛዊ ፈላስፋ በ1984 እ.ኤ.አ. ባወጣው «ሪዝንስ ኤንድ ፐርሰንስ» በተባለው መጽሐፉ የወደፊቱ እኔነታችን ከዛሬው ጋር ያለው ትስስር እየላላ የሚሄድ ከሆነ፣ ራስን መጉዳት ሌላ ሰውን እንደ መጉዳት ሊታይ ይችላል ይላል። ሲጋራ የሚጀምር ልጅ ወደፊት የሚታመመውን ሰው እየበደለ ነው እንደ ማለት። ሰው የገዛ ራሱን ዋስ አድርጎ ማስያዝ ይችላል?

በሥራ ቦታ አንድ በዕድሜ የሚበልጠኝ ባልደረባ አለኝ። አንድ ጊዜ እሱም እኔም ልክ አይደለም ብለን ያሰብነው ሥራ መጣ፤ ተጠቃሚው ሳያውቅ መረጃውን የሚሰበስብ ነገር ነበር። እኔ አልሠራም አልኩ። እሱ ዝም ብሎ ሠራው። በኋላ ሻይ ስንጠጣ «አንተ ኪራይ ነው የምትከፍለው፣ ቢያባርሩህ ጠባብ ቤት ትገባለህ። እኔ የቤት ዕዳ አለብኝ» አለኝ። አልፈረድኩበትም። ሕጉን ስለማውቅ። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት ተበዳሪው ካልከፈለ ባንኩ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ፍርድ ቤት ሳይሄድ፣ መያዣውን በሐራጅ መሸጥ ይችላል። ከወር ደሞዝ ጋር የታሰረ ሰው «እምቢ» ማለት ውድ ይሆንበታል። የእኔ ሠንጠረዥ ውስጥ የእምቢታ ዋጋ የሚባል ዓምድ የለም።

ይህን ሁሉ ለእጮኛዬ ስደረድርላት ጨርሼ እስክጨርስ ታገሰችኝና «ተከራይስ እምቢ ማለት ይችላል?» አለች። ዝም አልኩ። የኪራይ አዋጁ ከወጣ ወዲህ፣ ቁጥር 1320/2016 ማለት ነው፣ ውል ቢያንስ ለሁለት ዓመት ነው፤ አከራይ እንደ ድሮው በፈለገው ሰዓት ብድግ ብሎ መጨመር አይችልም። ጥሩ ነው። ግን ግድግዳው ላይ ሚስማር ለመምታት ፈቃድ የሚጠይቅ ሰው ያው ተከራይ ነው።

ቋንቋችንም ይህን ያውቃል። በአማርኛ የማንኛውም ነገር ጌታ «ባለቤት» ነው፤ የመኪና ባለቤት፣ የሱቅ ባለቤት፣ የሐሳቡ ባለቤት። ሚስትም ባልም «ባለቤቴ» ናቸው። ሰዋስው ስንማር እንኳ ድርጊቱን የሚፈጽመው ቃል የዓረፍተ ነገሩ «ባለቤት» ተብሎ ነው የተነገረን። ቤት ሳይጠራ የራስ መሆንን የምንናገርበት ቃል አጥተናል። ከዚህ ቋንቋ የወጣ ሰው የቤት ጉዳይ የሒሳብ ብቻ ነው ብሎ ራሱን ማሳመን ይከብደዋል።

እሁድ እናቴ ጋ ሄድኩና ነገርኳት። 4 ሚሊዮን፣ 13 ሚሊዮን፣ 20 ዓመት። ቡናዋን እየቀዳች ሰማችኝ። «እኔስ ስንት ከፈልኩ?» አለች። ተቀምጠን ቆጠርን። እኔ ከተወለድኩ ወዲህ ሰባት ቤት ተከራይተናል። የአንዱ መጸዳጃ ቤቱ፣ የሌላው አከራይ ጠባይ፣ የአንዱ ጣሪያ ማፍሰሱ ትዝ አላት። ዋጋውን ግን የአራቱን ብቻ አስታወሰች። ደረሰኝ የለም፣ ሠንጠረዥ የለም። የእኔ ዕዳ ቢያንስ 240ኛ ወር አለው። የእሷ ኪራይ ሲያልቅ ስንት ይሆናል ብሎ የሚጠይቀው ሰው የለም፤ አያልቅማ። «13 ሚሊዮኑ አይደለም የሚያስፈራኝ» አለችኝ በመጨረሻ፤ «ሳታውቀው ብትከፍለው ነበር የሚያስፈራኝ።»

በእኛ ሙያ ቴክኒካል ዴት የሚባል ነገር አለ። ዋርድ ካኒንግሃም በ1992 እ.ኤ.አ. ያመጣው ምሳሌ ነው። ያልጠራ ኮድ ቶሎ ማውጣት እንደ መበደር ነው፤ ሥራን ያፋጥናል፣ ቶሎ ተመልሰህ ካስተካከልከው ክፋት የለውም፤ ካልተመለስክ ግን በየቀኑ ወለድ ትከፍላለህ። ብድር ማለት ጊዜን ከወደፊቱ ሰው ላይ መውሰድ ነው። አማርኛም «ብድሬን እመልሳለሁ» ሲል የገንዘብ ብቻ አይደለም የሚናገረው፤ የውለታም፣ የበደልም ነው። ለ48 ዓመቱ ሰውዬ ማድረግ የምችለው፣ የወሰድኩበትን ቁጥር አውቄ መውሰድና ቶሎ መመለስ ነው። ለእናቴ የምመልሰው ግን በየትኛው ሠንጠረዥ እንደሚሰላ ገና አላወቅኩም። ለጊዜው የተስማማነው፣ ቤቱ ሲገኝ አንደኛው ክፍል የእሷ እንዲሆን ነው።

ያየነውን ቤት ትተነዋል። አነስ ያለ፣ ራቅ ያለ፣ ብድሩም አጠር ያለ እየፈለግን ነው። ሰኞ ሌላ ባንክ ቀጠሮ አለን። እጮኛዬ ወረቀት ላይ ሦስት ጥያቄ ጽፋለች። ሲያልቅ ስንት ይሆናል? ወለዱ መሀል ላይ ይቀየራል ወይ? ቀድመን ብንከፍል ቅጣት አለው? ወረቀቱን እኔ ነኝ የምይዘው፤ መጀመሪያ የምጠይቀውም እኔ ነኝ።