ከለቅሶው በኋላ የተለወጠው ማን ነው?

በአሜሪካ የተማሪዎች ደም በትምህርት ቤት ውስጥ በፈሰሰ ቁጥር «ምንም የተለወጠ ነገር የለም» የሚል ምሬት ይሰማል። ምሬቱ እውነተኛ ነው፤ አባባሉ ግን ትክክል አይመስለኝም። ከለቅሶው በኋላ የተለወጠ አለ፤ እርሱም ሕፃኑ ነው።

እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 14 ቀን 2012 በኮኔቲከት፣ በሳንዲ ሁክ ትምህርት ቤት፣ የ6 እና የ7 ዓመት 20 ሕፃናትና 6 የትምህርት ቤቱ ሠራተኞች ተገደሉ። ፕሬዚዳንቱ በሕዝብ ፊት እንባቸውን ጠረጉ፤ ሰንደቅ ዓላማ ዝቅ ብሎ ተውለበለበ፤ «ሐሳባችንና ጸሎታችን ከእናንተ ጋር ነው» ተባለ። (እኛም ለቅሶ ደርሰን «እግዜር ያጽናችሁ» እንላለን፤ ደም የፈሰሰበት ነገር ግን ሽማግሌ ሳይቀመጥበት አይዘጋም።) ከአራት ወር በኋላ የጦር መሣሪያ ገዢዎችን ማንነት የማጣራቱን ግዴታ ለማስፋት የቀረበው ሐሳብ በሴኔቱ 54 ድጋፍና 46 ተቃውሞ አግኝቶ ወደቀ፤ በደንቡ መሠረት 60 ድምፅ ያስፈልገው ነበርና። በ2022 በቴክሳስ፣ በዩቫልዲ፣ 19 ሕፃናትና 2 መምህራን ካለቁ በኋላ የወጣው ሕግ ከ21 ዓመት በታች በሆኑ ገዢዎች ላይ የሚደረገውን ማጣራት አጠበቀ እንጂ፣ የ18 ዓመቱ ገዳይ በሕጋዊ መንገድ የገዛውን ዓይነት ጠመንጃ ከገበያ አላነሣም።

በዚህ መካከል ሕፃኑ ተማረ። መምህሩ መብራት አጥፍቶ በሩን ሲቆልፍ፣ ከመስኮት ርቆ፣ ግድግዳ ሥር ተኮራምቶ፣ ትንፋሹን ውጦ መቀመጥን ይለማመዳል። ፊደል ሳይለይ መደበቅን ያጠናል።

የመሣሪያ መብት ጠበቆች በ1791 የጸደቀውን ሁለተኛውን የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ይጠቅሳሉ፤ ባዶ እጁን የቀረ ሕዝብ በመንግሥት ፊት ምን ዋስትና አለው ይላሉ። የታጠቀ መንግሥት ባልታጠቀ ሕዝብ ላይ ሲዘምት ላየን ስደተኞች ይህ ጥያቄ በቀላሉ የሚናቅ አይደለም። ይሁን እንጂ ነጻነት ዋጋ ካለው፣ ዋጋውን መክፈል ያለበት ነጻነቱን የሚጠይቀው አዋቂ ነው ወይስ ድምፅ የማይሰጠው የ6 ዓመት ልጅ?

ሸክሙን ወደ አዋቂው ማዞር እንደሚቻል በስኮትላንድ ታይቷል። በማርች 13 ቀን 1996 በደንብሌን 16 ሕፃናትና መምህርታቸው ተገደሉ። የአካባቢው እናቶች በወቅቱ በምታብበው ነጭ አበባ ስም ፊርማ አሰባሰቡ፤ 1997 ሳያልቅ በብሪታንያ የግል ሽጉጥ ከሞላ ጎደል ታገደ። ያለ ጥፋታችን ተቀጣን ብለው ያማረሩ የዒላማ ተኳሾች ነበሩ፤ ቅሬታቸውም መሠረተ ቢስ አልነበረም። ሆኖም ሽጉጣቸውን ለፖሊስ አስረከቡ፤ መንግሥትም ካሣ ከፈላቸው።