የጻፈ እጅ

ከእንጦጦ ጋራ ላይ ቆመን ወደ ሰሜን ስንመለከት፥ በሱሉልታ በኩል ወደ ሰላሌ የሚወስደውን መንገድ እናስባለን። ምእመናን ደብረ ሊባኖስን ለመሳለም የሚጓዙበት መንገድ ነው። በ1929 ዓ. ም. ግን በዚያው አቅጣጫ የሞት ትእዛዝ ተላለፈ።

የካቲት 12 ቀን በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተጣለ በኋላ በአዲስ አበባ ብዙ ሕዝብ ተፈጀ፤ ብዙዎችም ወደ ኢጣልያና በሶማሌ ምድር ወዳለው የደናኔ እስር ቤት ተጋዙ። በግንቦት ወር መነኮሳቱ የሴራው ተባባሪዎች ናቸው ተብሎ፥ ግራዚያኒ በቴሌግራም ጄኔራል ማለቲን አዘዘ። ማለቲም አስረሸናቸው። የኢጣልያኖቹ መግለጫ 297 መነኮሳት ይላል፤ መጀመሪያ ተለይተው የነበሩት 129 ዲያቆናትም ከጥቂት ቀን በኋላ ተገደሉ። በኋላ የተደረገው ምርምር የሟቾቹ ቁጥር ከዚህ እጅግ እንደሚበልጥ አሳይቷል።

የተኰሰው ሰው በደለኛ እንደ ሆነ የሚጠራጠር የለም። ቴሌግራሙን ያስተላለፈው፥ መኪናውን ያሰናዳው፥ ቁጥሩን ደምሮ የጻፈውስ? «እኔ አልገደልሁም፤ የታዘዝሁትን ፈጸምሁ» ይል ይሆናል።

በሐምሌ 1934 ዓ. ም. የፓሪስ ፖሊሶች በሁለት ቀን ከ12,000 የሚበልጡ አይሁድን ያዙ፤ አብዛኞቹ ከሌላ አገር ተሰደው የመጡ ነበሩ። ከእነርሱም የሚበዙት ለናዚዎች ተላልፈው ወደ ሞት ተጋዙ። ስማቸውንና አድራሻቸውን በካርድ ጽፎ በተራ ያስቀመጠው ጸሓፊ ማንንም አልመታም፤ ነገር ግን ያለ እርሱ ካርድ ፖሊሱ የማንን በር እንደሚያንኳኳ ባላወቀ ነበር።

ጲላጦስም እጁን በውኃ ታጥቧል፤ ውኃው ግን ፍርዱን አላነሣለትም። «እኔ ብተወው ሌላው ይሠራዋል» የሚል ምክንያትም አያድነንም፤ የሌላው ኀጢአት የሌላው ነው፥ የእኛ ግን የእኛ ነው። ደግሞም ሁሉ እንዲህ ካለ እንቢ የሚል ከየት ይገኛል? ጠመንጃ ተደግኖበት ለታዘዘው ሰው እግዚአብሔር ይፈርዳል፤ እኛ በእርሱ ላይ አንቸኩልም። ሹመቱና ደመወዙ እንዳይቀርበት ብሎ ለሚጽፍ ግን ይህ ምክንያት አይሆነውም። የዕብራውያን አዋላጆች ከፈርዖን በታች ሳሉ እግዚአብሔርን ፈርተው ሕፃናቱን አልገደሉም።

ስለዚህ ብዕርና ማኅተም የያዝን ሁሉ፥ የስም ዝርዝር በቀረበልን ጊዜ «ይህ ሰው ወዴት ይወሰዳል?» ብለን እንጠይቅ። መልሱን ለማወቅ ከፈራን፥ ልባችን አስቀድሞ ዐውቆታል ማለት ነው። በቤተ ክርስቲያን ስም የሚጻፈው ሰው እንዲታሰብ ነው፤ ሰውን ለማጥፋት ስም የሚጽፍ እጅ ግን፥ ደም ባይነካውም ንጹሕ አይደለም።