እርሳሱ በማን እጅ ነው?

በዓል በመጣ ቁጥር የማወራት አንዲት ታሪክ አለችኝ። ታናሽ ወንድሜ ልጅ ሳለ ለወጥ የተገዛው ዶሮ አሳዝኖት አልጋ ሥር ደበቀው። ዶሮው በጮኸ ቁጥር እሱ ጮክ ብሎ ይስላል። ሁሌም ቤቱ በሳቅ ይሞላል። ባለፈው ፋሲካ ግን ወንድሜ ሳይስቅ፣ “የደረሰው በእኔ ነው፤ ለምንድነው ሁሌ አንተ የምትጨርሳት?” አለኝ። ቡናው ቀረበና ተረፍኩ።

ማታ ትዝ ያለኝ ቸክ ጆንስ ያዘጋጀው፣ እ.ኤ.አ. በ1953 የወጣው “ደክ አመክ” የተባለ ሰባት ደቂቃ ገደማ የሚፈጅ ካርቱን ነው። ዳፊ ዳክ ጎራዴውን እየወዘወዘ ይገባል፤ ጥቂት እንደሄደ ከኋላው ያለው ሥዕል አልቆ ባዶ ነጭ ላይ ይቀራል። ሥዕል ሲጠይቅ እርሻ ይሳልለታል። የገበሬ ልብስ ለብሶ ሲመጣ ደግሞ ቦታው በረዶ ሆኖ ይጠብቀዋል። ጊታሩን ሲመታ የመትረየስ ድምፅ ይወጣል። ይለምናል፣ ይደራደራል፣ ይቆጣል። በመጨረሻ ይህን የሚያደርግበት ማን እንደሆነ ራሱን እንዲያሳይ ሲጠይቅ በር ይዘጋበታል። እርሳሱን የያዘው በግስ በኒ ነው፤ ይስቃል። እኛም እንስቃለን።

ፊልሙ የሚቀልደው በታሪክ ወግ ላይ ነው። ወግ ግን ውል ነው፤ እርሻ ካሳየኸው ገበሬ ሆኖ ይመጣል። ውሉ ሲፈርስ የሚያስቀው ከዳር ለተቀመጠ ሰው ነው።

በእኛም አገር “ተረት ተረት” ሲባል ልጆቹ “የላም በረት” ብለው ይመልሳሉ። አድማጩ ፈቃዱን ይጠየቃል ማለት ነው። የሚወራበትን ግን ማንም አይጠይቀውም። ጦጣና ጅብ ናቸዋ፣ ማን ይሰማቸዋል? ወንድሜ ግን ጅብ አይደለም።

እንግዲህ ስለ ሰው ጭራሽ አናውራ? እንደዚያማ ከሆነ በዓሉ ራሱ ምን ወዝ ይኖረዋል! ደግሞ ዳፊም ከፊልሙ ልውጣ አላለም፤ ከልብሱ ጋር የሚሄድ ሥዕል ነው የፈለገው። ወንድሜም ተው አላለኝም። የጠየቀኝ ስለ መጨረሻዋ ብቻ ነው። እርሳስ የያዘ ሰው ዕዳው ዝምታ አይመስለኝም፤ አንዳንዴ እርሳሱን ማቀበል ነው። በግስ በኒም ቢሆን በሌላ ሰው እጅ የተሳለ ነው።

ለሚቀጥለው በዓል ታሪኳን እጀምራለሁ። ዶሮው ሲጮኽ ግን ዝም ብዬ ወደ ወንድሜ አያለሁ። ከአልጋው ሥር ሲወስዱበት ምን እንደተሰማው፣ ይኸው ስንት ዓመት ሳስቅበት፣ አንድ ቀን እንኳ ጠይቄው አላውቅም።