ከሠርጉ በፊት ያለው ትዳር

ለመሆኑ ትዳር መቼ ይጀመራል? እኔ ከሠርጉ በፊት ነው ባይ ነኝ። እንደ መዘዞ ባለ የገብስ አገር የጥር ሠርግ ገና ብቅሉ ሳይሰጣ ቤቱን ይይዘዋል። እጮኛሞቹ ሲገናኙ «እንዴት ዋልሽ?» ይቀርና «ለስንት ሰው ይደገስ?» ይሆናል። በ1992 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ በክብር መዝገብ ሹም ፊት ለሚፈጸም ጋብቻ ከሙሽራው ሁለት፣ ከሙሽሪት ሁለት ምስክር ይበቃዋል፤ ይሉኝታ ግን በመቶ ይቆጥራል።

ድግሱን ከንቱ አልለውም፤ ወላጅ ከጎረቤት የበላውን በድግስ የሚመልስበት ነው። ብድሩ የወላጅ ነው፤ የሚከፈለው ግን ከጥንዶቹ ምሽት ላይ ነው። ስለዚህ ከሳምንቱ አንዲት ምሽት ስለ ሠርግ የማይወራባት ትሁን እላለሁ። ዳሱ ከመልሱ በኋላ ይፈርሳል፤ የለመዱት ወግ ግን አብሯቸው ጎጆ ይገባል። ስለ ሒሳብ ብቻ ሲያወሩ የከረሙ፣ እንግዳው ሲበተን ምን ያወሩ ይሆን?